ቀድሞ የወደቀው

ቀድሞ የወደቀውን ነው የሰጠሁት። ሰው ይጎዳ ብዬ አይደለም። ከማንኛውም ነገር የመጀመሪያው የእግዜር ነው ተብዬ ስላደግኩ ነው።

ባለቤቴ ተክለጻድቅ የመሥሪያ ቤት ሹፌር ነበር። የዛሬ አሥራ አንድ ዓመት ከችግኝ ጣቢያ አምስት ችግኝ ጭኖ መጣና ቦዲቲ ከተማ ዳር ባለችው ጓሯችን ተከላቸው። ሁለቱ ደረቁ፣ ሦስቱ ቆሙ። ስሙ ማካዳሚያ ነው። ሰፈሩ ግን አፉ አልገራለትምና "የተክለጻድቅ ለውዝ" ነው የሚለው። ቅጠሉ ዳርና ዳሩ ይዋጋል። ፍሬው እንደ ብይ ድቡልቡል ነው፤ ከላይ አረንጓዴ ልጣጭ አለው፣ ከልጣጩ ሥር በመዶሻ ካልሆነ የማይፈነከት ቅርፊት፣ ከቅርፊቱ ውስጥ ደግሞ ቅቤ የመሰለ ነጭ ፍሬ።

ተክለጻድቅ ስለዚህ ዛፍ ሁለት ነገር አስተምሮኛል። አንደኛው ይሄ ነው።

"ይሄ እንደ ቡና አይሸመጠጥም። ሲበስል ራሱ ይወድቅልሻል። አንቺ ከመሬት ማንሳት ብቻ ነው። እጅሽን ወደ ላይ እንዳትሰነዝሪ።"

ሁለተኛው ስለ ዓይኑ ነው። ከችግኝ ጣቢያው አንድ ደረቅ ፍሬ በኪሱ ይዞ መጥቶ፣ ቅርፊቱ ላይ ያለችውን ነጭ ነጥብ በጥፍሩ አሳየኝ። "ይሄ ዓይኑ ነው፤ ሲዘራ በዚህ ነው የሚከፈተው" አለኝ።

ከዚያ ስኳር በሽታው ጸናበትና ፍሬውን ሳያይ ሞተ። የሞተ ሰው የተናገረው ቃል ደግሞ ኑዛዜ ይሆናል። እኔም ግትር ነኝ፤ ይሄንን ማንም ያውቃል።

አምና ለመጀመሪያ ጊዜ አፈራ፤ ሐምሌ ላይ ዝናቡ ሲበረታ ፍሬው መውደቅ ጀመረ። ገና አረንጓዴ ነበር፤ እኔ ግን ምን አውቄ። ራሱ ከወደቀ በስሏል ማለት ነው ብዬ ለቀምኩት። ብዙዎቹ ላይ የመርፌ ቀዳዳ የምታህል ጉድጓድ አለች፣ በአፏ ዙሪያ እንደ ብናኝ ያለ ነገር ወጥቷል። ልጣጩን ገልጬ ሳይ ጉድጓዷ ቅርፊቱንም አልፋለች። ዓይኑ ተከፈተ አልኩ። ተክለጻድቅ ያለው ደረሰ ብዬ ደስ አለኝ። እንዲያውም ዓይን ያልከፈቱትን እየተውኩ፣ የከፈቱትን መርጬ ነው አንድ ቅርጫት የሞላሁት።

ቅርጫቱን በኩራት፣ የመጀመሪያ ፍሬ ስጦታ ብዬ ወደ ደብራችን ወሰድኩ። ቄሱ ባርከው ጓሮ ላላቸው ሰዎች "ለዘር ይሁናችሁ" ብለው አካፈሉት። ሰባት ቤት ደረሰ። እኔ ደግሞ አንድ ቆብ ሙሉ ለጎረቤቴ ለቦልቴ በአጥር ላይ አሳልፌ ሰጠሁ። ሰባት ፍሬ ራሴ ዘንድ አስቀረሁ፤ በማር ጠርሙስ አድርጌ፣ ክዳኑን አጥብቄ፣ ከተክለጻድቅ ፎቶግራፍ አጠገብ አኖርኳቸው። ያየው ይመስለኝ ነበር።

ቦልቴ ማለት ከአጥሬ ወዲያ ያለው ገበሬ ነው። የዛሬ ስምንት ዓመት ባሕር ዛፉን ነቅሎ ሠላሳ ሁለት የማካዳሚያ ዛፍ አቁሟል። አምና ገና አላፈሩም ነበር። የሰጠሁትን ፍሬ ከነልጣጩ ከትልልቆቹ ዛፎች ጥላ ሥር አፈር አለበሰው።

"እናቶቻቸው ሥር ይደጉ" አለኝ።

ቦልቴ አማርኛ ሲናገር ወንድና ሴት አይለይም። እኔን "አንተ" ይለኛል፣ በሬውን "አንቺ"። አንድ ቀን "በሬህን አቆላምጠህ እኔን አዋረድከኝ" ብለው፣ "በሬው ያርሳል፣ አንተ ምን ታርሳለህ?" ብሎኛል። እንደዚህ ነበርን።

ዘንድሮ የቦልቴ ዛፎች ለመጀመሪያ ጊዜ ያዙ። አያያዛቸው ጉድ ነበር። ቅርንጫፉ እየጎበጠ መሬት ሊነካ ደርሶ ነበር። ቦልቴ ማለዳ እየወጣ፣ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ፣ ዛፍ ለዛፍ ይዞራል። እንሰቱንም አሳንሶ ነው ይሄን የተከለው፤ ሚስቱ ስንት ዓመት ስትነጫነጭበት ኖራለች። አሁን ዝም አለች።

በእኔና በቦልቴ አጥር መካከል አንዲት ቀጭን መንገድ አለች። በሷ የሚሄደው አብዛኛውን ጊዜ ኤርሳዶ ነው። ኤርሳዶ የሸክላ ሰው ነው። ሚስቱ ትሠራለች፤ እሱ አፈሩን ከወንዝ ያመጣል፣ ድስቱንና እንስራውን በጀርባው ተሸክሞ ገበያ ያወጣል። በአባቴ ዕድሜ ነው። እኔ ግን አንተ ነበር የምለው፤ ሁሉም ሰው አንተ ስለሚለው። ከቤታቸው ሰው አይበላም። ለምን ብሎ የጠየቀ የለም፤ እኔም አልጠየቅኩም።

ግንቦት መጨረሻ ላይ አንድ ጠዋት፣ ኤርሳዶ ሸክሙን አጥሩ ሥር አሳረፈና ቀና ብሎ የቦልቴን ዛፍ ተመለከተ። እኔ ጓሮ ነበርኩ። ረጅም ጊዜ ተመለከተ።

"ይሄን ሁሉ ተሸክሞ ወገቡ አይሰበርም?" አለ።

ለራሱ ነው ያለው። ከዚያ ሸክሙን አነሳና ሄደ። ከዓይን ያውጣው አላለም።

ሳምንት ዞሮ ሳይሞላ ቦልቴ ጮኾ ጠራኝ።

"ይመኙሻል፣ ና! ና እይ!"

ሄድኩ። መሬቱ በወደቀ ፍሬ አረንጓዴ ሆኗል። ከሠላሳ ሁለቱ ዛፍ ያልወደቀበት የለም። ሚስቱ ግንዱን ተደግፋ ቆማለች። ቦልቴ አንዱን አንስቶ እጁ ላይ ያገላብጣል።

"ትናንት ደህና ነበር። ምን ነካው?"

"ኤርሳዶ ቆሞ አይቶት ነበር" አልኩ።

ይሄን ብቻ ነው ያልኩት። ዓይን ነው አላልኩም። ማለትም አያስፈልገኝም ነበር። የሸክላ ሠሪ ዓይን ምን ያደርጋል ሲባል ቦልቴም እኔም ከልጅነታችን ስንሰማ ነው ያደግነው።

በማግስቱ መንገዷ በሁለቱም ጫፍ በቀጋ እሾህ ታጠረች። ቅዳሜ ገበያ ላይ የኤርሳዶን ድስት የሚያነሳ ጠፋ። አንዷ ሴት አንስታ፣ ሌላዋ ጆሮዋ ውስጥ የሆነ ነገር ስትላት መልሳ ስታስቀምጥ በዓይኔ አየሁ። ይገባዋል አልኩ በልቤ። እውነቱን ልናገር ካልኩ እንዲህ ነው ያልኩት።

በዚያው ሰሞን ቦልቴ የግብርና ባለሙያዋን ብሩክታይትን አስጠራ። ሶዶ የተማረች ልጅ ናት፤ በሞተር ሳይክል ነው የምትመጣው። ከወደቁት አንዱን በድንጋይ ፈነከተችና ከፈተችው። ውስጡ ነጩ ፍሬ የለም። ጥቁር ብናኝ ነው፤ በብናኙ መካከል ቀላ ያለች ትንሽ ትል ትላወሳለች።

"ይቺ የእሳት እራት ልጅ ናት" አለች። "እናቲቱ ጥፍር የማታህል ግራጫ ናት፤ ፀሐይ ስትጠልቅ ወጥታ አረንጓዴው ላይ እንቁላሏን ትጥላለች። ልጆቿ ቦርቡረው ይገቡና ውስጡን ይበሉታል። ፍሬው ሲታመም ያለጊዜው ይወድቃል። ትሏ ከወደቀው ወጥታ አፈርና ቅጠል ውስጥ ትደበቃለች፤ ክንፍ ታበቅልና መልሳ ወደ ላይ።"

ቦልቴ አዳመጠ። ከዚያ፣ "እሺ፣ ትሉን ማን ላከው?" አለ።

"እናቱ ናት የላከችው፣ ጋሽ ቦልቴ።"

"እናቱንስ?"

ብሩክታይት ልትስቅ ብላ ፊቱን አይታ ተወችው። "ትበራለች፣ ግን ሩቅ አትበርም። ከቅርብ ነው የመጣችው። ወይም ሰው በፍሬ ውስጥ ይዟት መጥቷል።" ይሄን ስትል በአጥሩ ላይ ወደ ሦስቱ ዛፎቼ ተመለከተች። "እትዬ ይመኙሻል፣ የእርስዎ አምና ሳይበስል ወድቆ ነበር?"

"የኔ ደህና ነው" አልኩ።

"ለማንኛውም የወደቀውን በየቀኑ መልቀም ነው፤ አንድ ቀን ማሳደር የለም። ዛፉ ላይ ያለውንም ሸምጥጦ ማቃጠል። የእርስዎንም ጭምር።"

"የኔ አይሸመጠጥም። ባለቤቴ እጅሽን እንዳትሰነዝሪ ብሏል።"

"ጋሽ ተክለጻድቅ እኮ ስለ ጤነኛው ነው የተናገሩት።"

"ስለ ዛፉ ነው የተናገረው።"

ልጅቷ ወደ ሞተሯ ዞረች። ከእኔ ጋር መከራከር ግንብ መግፋት ነው። ስትሄድ ግን ቀስ ብላ፣ "ቀድሞ የሚወድቀው የታመመው ነው፣ እትዬ" አለችኝ። እንዳልሰማ ሆንኩ።

ሰምቼያታለሁ።

እሮብ ዕለት ከወፍጮ ስመለስ ኤርሳዶን አስፋልቱ ዳር አገኘሁት። መንገዱ ስለታጠረ በገደሉ ዞሮ ሲመጣ ጭቃው አንሸራትቶ ጥሎታል። ሁለት እንስራና ስንት ድስት እንደነበር አላውቅም፤ ገል ሆኗል። ግራ እጁ አብጦ ደረቱ ላይ ይዞታል። በቀኙ ገሉን እየለቀመ ማዳበሪያ ውስጥ ይከታል። ባጃጆች ጥሩምባ እየነፉ ያልፉታል።

"አንተ፣ ምን ሆንክ?" አልኩት።

"መንገዱ ረዘመ።"

"ምን ያደርግልሃል ታዲያ ስባሪውን የምትለቅመው?"

"ይፈጫል። አዲሱ ጭቃ ውስጥ ይገባል። የተሰበረ ያልገባበት ሸክላ እሳት አይችልም።"

ይሄን ሲል ቀና አላለም። ከዚያ በኋላ ነው ያስተዋልኩት፤ ሲያናግረኝ እግሬን ነው የሚያየው። መንገደኛው ሲያልፍም ዓይኑን መሬት ላይ ይተክላል። ስልሳ ሰባ ዓመት ቀና ብሎ የሄደ ሰው ዓይኑን የት እንደሚያስቀምጥ ጠፍቶታል።

ቤቴ ገባሁና ዱቄቱን ሳላወርድ ወደ ፎቶግራፉ ሄድኩ። ጠርሙሱን አንስቼ ወደ መስኮቱ ያዝኩት። አቧራ ስለለበሰ በነጠላዬ ጠረግኩት። ከታች እንደ ብናኝ ያለ ነገር ተኝቷል። ከብናኙ ላይ ስድስት ትንንሽ ግራጫ ነገሮች። ክንፍ አላቸው። ክዳኑ ጥብቅ ስለነበር መውጫ አጥተው እዚያው ደርቀዋል። ፍሬዎቹ ላይ ያለችው ጉድጓድ እንዳለች ናት።

ዓይን ያልኳት በር ነበረች።

አንድ ዓመት ሙሉ ከባሌ ፊት አስቀምጬ ስሳለማቸው የነበሩት እነዚህ ናቸው። ለሰባት ቤት ያካፈልኩት፣ በቄስ ያስባረክኩት፣ ለቦልቴ በቆብ ያሻገርኩት ይሄ ነው። መርጬ ነው የሰጠሁት። ዓይን ያልነበራቸው ጤነኞቹ ነበሩ፤ እነሱን ለአይጥ ተውኳቸው።

በዚያው ቀን ሄጄ ተናገርኩ ብል ውሸት ነው። እሮብ፣ ሐሙስ፣ ዓርብ ዝም አልኩ። ቦልቴ የኔን ሦስት ዛፍ ይቆርጣል ብዬ ፈራሁ። ከሱ በላይ ደግሞ ያ ቃል ከአፌ እንደወጣ መመለሱ ጠበበኝ። የግትር ሰው ጉሮሮ ጠባብ ነው። ግን ቅዳሜ ደግሞ ገበያው መጣ፣ ኤርሳዶ አልመጣም። ሚስቱ ብቻዋን፣ በፊቷ ሦስት ድስት አስቀምጣ፣ ፀሐይ ከአናቷ እስክትወርድ ተቀመጠች። ሦስቱንም ይዛ ተመለሰች።

እሁድ የእድር ስብሰባ ነበር። ዳኛችን ደገፉ ነው። የመዋጮውና የድንኳኑ ነገር ካለቀ በኋላ፣ "ሌላ የሚናገር አለ?" ሲል ተነሣሁ። ጠርሙሱን ከነጠላዬ ሥር አወጣሁት።

"ይሄንን እያያችሁ አሳልፉት" አልኩ።

ከእጅ ወደ እጅ ዞረ። አንዱ አራግፎ ያያል፣ አንዱ ያሸታል።

"ምንድን ነው ይሄ?" አለ ደገፉ።

"አምና በኩራት ብዬ ያመጣሁት ነው። ትል ነበረው። ዓይን መስሎኝ ነው። ከኔ ጓሮ ወደ ደብር፣ ከደብር ወደ ሰባት ቤት፣ በአጥር ደግሞ ወደ ቦልቴ ሄዷል። የቦልቴን ዛፍ የበላው ይሄ ነው። የሰው ዓይን አልበላውም።"

ከኋላ አንዷ፣ "ጉድ ነው፣ ትል አስባርካ ኖሯል" አለች። ጥቂት ሰዎች በአፍንጫቸው ሳቁ። ይሳቁ።

ጠርሙሱ ቦልቴ ጋ ሲደርስ ቆመ። ቦልቴ ክዳኑን ፈትቶ አንዷን ደረቅ ክንፍ መዳፉ ላይ አደረገ። ትንፋሹ ሲያገኛት በረረች። ሞታ እንኳ በረረች።

"ኤርሳዶ ቆሞ አየው ያልከው አንተ ነህ" አለኝ።

ሌላ ቀን ቢሆን "አንተ" ሲለኝ ይሳቅ ነበር። ማንም አልሳቀም።

"እኔ ነኝ።"

"የሠላሳ ሁለት ዛፍ ፍሬ ነው።"

"አውቃለሁ።"

"ስምንት ዓመት።"

"አውቃለሁ፣ ቦልቴ።"

ጠርሙሱን ዘግቶ መሬት ላይ አስቀመጠው። ሊነሣ፣ ሊሄድ መሰለኝ። ግን እንደ አቀረቀረ፣ "እሾሁን ያጠርኩት ግን እኔ ነኝ" አለ።

ደገፉ ጉሮሮውን ጠረገ። "ለኤርሳዶ ማን ይነግረዋል?"

ዙሪያውን ተመለከትን። ኤርሳዶ እድራችን ውስጥ የለም። ከነዘመዶቹ የራሳቸው እድር አላቸው። ስለሱ እዚህ ስናወራ፣ እሱ የሚቀመጥበት አንድ ወንበር እንኳ የለም።

"እኔ እነግረዋለሁ" አልኩ።

ሰኞ ጠዋት ከሁሉ በፊት እሾሁን አነሳሁ። ቦልቴ በወዲያኛው ጫፍ ያነሳል፣ እኔ በወዲህኛው። ቀጋ ሲያጥሩት ቀላል ነው፤ ሲያነሱት ነው የሚይዘው። እጄ ደማ። ከዚያ ተክለጻድቅ የሠራውን መሰላል ግንዱ ላይ አስደግፌ ወጣሁ።

"ሰነዘርኩ፣ ተክለጻድቅ" አልኩ። "አትቀየመኝ።"

ታሞ የወደቀውን ለቀምኩ፤ ጤነኛ የሚመስለውንም ሦስቱ ዛፎች ባዶ እስኪቀሩ ሸመጠጥኩ። አራት ማዳበሪያ ሆነ። ጓሮዬ ላቃጥለው ብል ዝናቡ እንጨቱን አርሶታል፤ ክብሪት አንድ ሙሉ ጨረስኩ፣ ጢስ ብቻ። ቆሜ ሳስብ፣ በዚህ ሰፈር በክረምትም እሳት የማይጠፋበት ቤት አንድ ብቻ ነው።

አንዱን ማዳበሪያ ተሸክሜ በዚያችው መንገድ ሄድኩ። ሃምሳ ዓመት ስኖር የኤርሳዶን ደጅ ረግጬ አላውቅም። እሱ ከቤቱ በራፍ ላይ እጁን በጨርቅ ጠቅልሎ ተቀምጧል፣ ሚስቱ ጭቃ ትረግጣለች። ማዳበሪያውን አወረድኩና ቆሜ ሁሉንም ነገርኩት። ስለ ቅርጫቱ፣ ስለ ጠርሙሱ፣ ለቦልቴ ስላልኩት ቃል። አላሳጠርኩትም።

ኤርሳዶ እስክጨርስ አላቋረጠኝም።

"ለሰዎቹ ነገርሽ?"

"ትናንት ነገርኩ።"

"ዓይኔን ስትወስጂም እኔ አልነበርኩም" አለ። "ስትመልሺም አልነበርኩም።"

አንዳንድ ነገር ተሸክመውት መቆም ነው።

በወላይትኛ ለሚስቱ አንድ ነገር ተናገረ። እሷ እግሯን ከጭቃው አውጥታ፣ ታጥባ፣ ዱካ አመጣችልኝ። ተቀመጥኩ። ቀጥላ በሳህን የተቀቀለ ጎዳሬ አመጣች፤ ፊቴ አስቀምጣ አልሄደችም፣ ቆመች። ሁለቱም ያዩኛል። አሁን ያዩኛል። አንድ አንስቼ ልጣጩን ልጬ በላሁ፤ ሁለተኛም አነሳሁ። ጨው ያንሰው ነበር።

"ማዳበሪያው ምንድን ነው?" አለ ኤርሳዶ።

"የሚቃጠል ነው። ብሩክታይት ይቃጠል ብላለች። እኔ ጋ እሳቱ አልያዘም።"

"ይቺ ነፍሳት በአማርኛ ስሟ ማን ነው?"

"የእሳት እራት።"

ፊቱን አልፈታም፣ ድምፁ ግን ትንሽ ለቀቅ አለ። "እንግዲያ እራቱ መጥቷል። እሳቱ እኔ ጋ ነው።"

በሦስተኛው ቀን ሸክላ በሚተኮስበት ጉድጓድ አራቱንም ማዳበሪያ አቃጠልነው። ቦልቴ የሱን በጋሪ አምጥቶ ጨመረ። ዘይት ስላለው እሳቱ ነጭ ሆኖ ነደደ። የኤርሳዶ ሚስት እንዲህ ያለ እሳት አይቼ አላውቅም አለች። የወጣው ሸክላ ገበያ ላይ ይነሣ አይነሣ ገና አይታወቅም፤ ሰው የሰማውን ለመርሳት ከመስማቱ ይዘገያል። ሰባቱን ቤት በእግሬ ዞሬያለሁ። ሁለቱ ጋ ትሏ ብርቱካኑ ላይ ወጥታለች። አንዱ ቤት በር ዘጋብኝ። ነገም እሄዳለሁ።

ኤርሳዶ በመንገዷ መሄድ ጀምሯል። ግን ከዛፉ ሥር ሲደርስ አንገቱን ይደፋል፣ እርምጃውን ያፈጥናል። ዛሬ ጠዋት ጠብቄ አጥሩ ጋ ወጣሁ።

"ቀና ይበሉ እንጂ" አልኩት።

ቆመ። ማንን እንዳልኩ ለማየት ይመስለኛል፣ ወደ ኋላው ዞር አለ። ከኋላው ማንም የለም።

"ምን ላይ?" አለ። "ፍሬ የለውም።"

"አሁንም ይዩት። ፍሬ ሲኖረውም ቆመው ይዩት።"

ሸክሙን በደህናው እጁ አውርዶ አጥሩን አስደገፈው።